በንቦቹ መንገድ ላይ

ለሰፈራችን ነዋሪዎች በሙሉ ይታወቅ፤ የአናጢው ልጅ የሱሪዋን ጫፍ ካልሲዋ ውስጥ ከትታ መንገድ ወጥታለች።

ነገሩ በዚህ አላበቃም፤ በማግስቱም ከትታ ወጣች። ባለሱቋ "ብርድ ይሆናል" አለች፣ ፀሐዩ አናት እየበሳ። ፀጉር አስተካካዩ ደግሞ ልጅ ያለ እናት ሲያድግ መጀመሪያ የሚበላሸው አለባበሱ መሆኑን ለደንበኞቹ አስረዳ። ምላጩ አንገታቸው ላይ ስለነበር ማንም አልተከራከረውም።

ምክንያቱን አባትየው ያውቃል፤ ግን እንደማያውቅ ሆኖ መኖርን መርጧል። ልጁ የምትውለው ሰፈሩ ጫፍ ላይ ካለችው ንብ አርቢ ግቢ ነው። ንብ ደግሞ ሱሪ ውስጥ ከገባች ወደ ላይ እንጂ ወደ ታች አትሄድም።

ንብ አርቢዋን ሰፈሩ ኮስታራዋ ይላታል። ባል የላት፣ ልጅ የላት፣ ሰላምታዋ "ምን ፈለግሽ?" ነው። ልጅቷን አሥራ ሦስት ዓመቷ ላይ አጥሩን ተደግፋ ስታይ አገኘቻት።

"ምን ፈለግሽ?"

"ምንም። እያየሁ ነው።"

"እናት ፍለጋ ከሆነ የመጣሽው፣ መንገዱ ያውልሽ። ሥራ ከሆነ፣ ጓንቱ እዚህ ነው።"

ልጅቷ ጓንቱን አነሳች። ሁለቱም የግራ እጅ ነበሩ።

ከዚያ ወዲህ ኮስታራዋ እናት አለመሆኗን በየቀኑ ስታረጋግጥ ኖረች። ማጨሻውን እንዴት እንደሚለኩሱት አሳየቻት፤ የጆንያ ቁራጭ ከታች፣ እርጥብ ሣር ከላይ። "ጭሱ ቀዝቃዛ ይሁን። እሳት ከተፋ ንቧን ጠብሰሽ እኔንም ትደግሚያለሽ።" ቀፎ ሲከፈት ጎን ላይ እንጂ ፊት ለፊቱ እንደማይቆም ነገረቻት፤ እዚያ ጋ የንቦቹ መንገድ ነው፣ መንገዳቸውን የዘጋ ሰው ደግሞ የሚመጣበትን ይችለዋል።

አንድ ቀን ልጅቷ ሆዷን ይዛ ቀፎው አጠገብ ቁጢጥ አለች። ሱሪዋን አየችና ፊቷ አመድ መሰለ። ኮስታራዋ ከያዘችው የማር እንጀራ ላይ ዓይኗን አላነሳችም።

"ቁም ሣጥኑ፣ ሁለተኛው መሳቢያ። የሚያስፈልግሽ ሁሉ አለ። ስትጨርሺ እጅሽን ታጠቢና ነይ፣ እጮቹን እየበረዳቸው ነው።"

"እትዬ፣ ልሞት ነው?"

"በዚህ የሚሞት ቢሆን እኔ የማን ሙት መንፈስ ነኝ? በየወሩ ይመጣል። ትለምጂዋለሽ።"

ከሰዓት በኋላ ሙቅ ውኃ በጠርሙስ ሞልታ፣ በፎጣ ጠቅልላ ሆዷ ላይ አስታቀፈቻት። "ጠርሙሱን ግን መልሺ" አለች፤ ማንም ተነሥቶ እናት ናት እንዳይላት።

ሌላ ጊዜ ደግሞ ልጅቷ ጎማ ቤት ስለሚሠራ አንድ ጎረምሳ ዓይን ማውራት አበዛች። ኮስታራዋ ከቀፎው የማር እንጀራ አወጣችና ወፍራም ንብ በጣቷ አመለከተቻት።

"ይኼ ድንጉላ ነው፤ ወንዱ ንብ። ዓይኑ ትልቅ፣ ድምፁ ትልቅ። አበባ አይቀስም፣ ቤት አይጠብቅ። ሴቶቹ ናቸው የሚያጎርሱት።"

"እሱ ግን ሞተር ሳይክል አለው።"

"ስለ ንብ ነው የማወራው።"

አሥራ ሰባት ሲሞላት ልጅቷ ከአባቷ የእንጨት ቁርጥራጭ የራሷን ቀፎ ሠራች። አባትየው ቀፎውን ዞሮ ዞሮ አየው። ንብ ይነድፍሻል አላለም። "ማዕዘኑ ጠሟል" አለና ወደ መጋዙ ተመለሰ። ልጅቷ ጠማማውን ቀፎ ኮስታራዋ ግቢ አስቀመጠችው፤ ንቦቹ ስለ ማዕዘኑ ቅሬታ አላቀረቡም። ዓመት ሳይሞላ ቀፎዎቿ ሦስት ሆኑ። በማሯ ቡትስ ጫማ ገዛች፣ ማንንም ሳታስፈቅድ።

አክስቲቱ የመጣችው በዚህ መካከል ነው።

አክስቲቱ የአናጢው ታላቅ እህት ናት። ትልቅ ከተማ ውስጥ ትልቅ ቤት አላት፤ ሶፋዎቹ የተሸፈኑበት ላስቲክ ከተገዙ ጀምሮ አልተነሣም። ለወንድሟ ልጅ ያላት የእናትነት ፍቅር ለዓመታት ተደብቆ ኖሮ፣ የቤት ሠራተኛዋ ጥላት በወጣች ሳምንት በድንገት ጠናባት። እያለቀሰች ደወለች። "ልጅቷ እናት ያስፈልጋታል" አለች። "ከዛሬ ጀምሮ እማዬ ትበለኝ።" ልጅቷም ስልኩን በተቀበለች ቁጥር "እሺ" ትላታለች፤ እማዬ ሳትላት ወር አለፈ።

አናጢው ለማንም የማይበገር ሰው መሆኑን ራሱ ይናገራል። ለእህቱ ግን ከሕፃንነቱ ጀምሮ "እሺ እታለም" ከማለት ሌላ ቃል አልለመደም። "ለጥቂት ጊዜ ነው" አላት ልጁን፣ ፊቷን ሳያይ። አክስቲቱ ቤት ለጥቂት ጊዜ የገባችው ያቺ ሠራተኛ ፀጉሯ ሸብቶ ነው የወጣችው።

ልጅቷ ለኮስታራዋ ነገረቻት።

"ቅዳሜ ሊወስዱኝ ነው።"

"እና? ዘመድ ቤት ነው። ሂጂ።" ኮስታራዋ የቀፎ ክዳን እየፋቀች ነበር። ክዳኑ ላይ አንዲት ፍንጣሪ ሰም አልነበረም፤ እሷ ግን መፋቋን አላቆመችም።

"አልሄድም ብልስ?"

"አፉ ያንቺ። እኔን ለምን ትጠይቂኛለሽ?"

ቅዳሜ ጠዋት አክስቲቱ ሻንጣውን ራሷ አዘጋጀች፣ አናጢው እንጨት በሚጭንበት ፒካፕ ላይ አስጫነችና ልጅቷን ፈለገቻት። አጣቻት። ልጅቷ ማልዳ ወደ ቀፎዎቿ ሄዳለች። ፒካፑም ወደ ኮስታራዋ ግቢ ተነሣ።

አናጢው እበሩ ድረስ ነድቶ ቆመ። "ሞተሩ እንዳይቀዘቅዝ እዚህ ልጠብቃችሁ" አለና መስኮቱን ጥርቅም አድርጎ ዘጋው። ሞተሩን አጥፍቶት ነበር።

አክስቲቱ ወረደች። ለክብሯ የሚመጥን ጥቁር ፀጉራም ካፖርት ለብሳለች፤ ሽቶዋ ከእሷ ቀድሞ ገብቷል። ንብ ጥቁርና ፀጉራም ነገር ስታይ ማር ዘራፊ አውሬ መጣ ብላ ነው የምታስበው። ለማንኛውም አክስቲቱ ንግግር ስላዘጋጀች ደልዳላና ጥላ ያለበት ቦታ መረጠች። ከሦስቱ ቀፎዎች የትልቁ ደጃፍ ነበር።

"እዚያ ጋ አትቁሚ" አለቻት ኮስታራዋ።

"የት እንደምቆም አንቺን አላስፈቅድም!"

"ለራስሽ ብዬ ነው፣ እመቤቴ።"

"ለእኔ ማሰቡን ለእኔ ተዪው።" አክስቲቱ ጉሮሮዋን ጠረገች። "ይህችን እናት አልባ ልጅ እስከዛሬ በ... በዚህ ሁኔታ ስለያዝሽልን እናመሰግናለን። አሁን ግን እናቷ መጥቻለሁ።"

ኮስታራዋ ትከሻዋን ነቀነቀች። "ምኔም አይደለችም። ቀጥሬያት ነው። ውሰጃት።"

"ሰማሽ?" አለች አክስቲቱ ወደ ልጅቷ ዞራ። "ግቢ መኪናው ውስጥ።"

ልጅቷ ጓንቷን አላወለቀችም። "አልሄድም፣ አክስቴ። ቀፎ ከፍቻለሁ።"

"ከፍቻለሁ ትላለች! ዝጊዋ!"

"የሚዘጋው ሥራው ሲያልቅ ነው። ሲያልቅም አልሄድም። ንቦቼ እዚህ ናቸው።"

ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። አክስቲቱ ግን አደረገች፤ ስለ ውለታ፣ ስለ ደም፣ ስለ ሶፋዎቹ ሳይቀር ተናገረች። ከሜዳ የሚመለሱት ንቦች ጀርባዋ ላይ ሲደርሱ መንገዱ ተዘግቶ አገኙትና አየር ላይ ተሰለፉ። ሰልፉ ወፈረ። ልጅቷ "አክስቴ፣ ቀስ ብለሽ ወደ ጎን..." ስትል አንዷ ንብ ካፖርቱ ፀጉር ውስጥ ገብታ መውጫው ጠፋት፤ ጩኸቷን ሰምታ ሁለተኛዋ መጣች።

አክስቲቱ አንገቷ ላይ ስትነደፍ የትኛዋም እናት የማታደርገውን አደረገች። የልጅቷን ሁለት ትከሻ ጨምድዳ ያዘችና ከፊቷ እንደ በር ዘጋቻት።

ልጅቷ ልትናገር ብላ ዓይነ ርግቧን ከፊቷ ገልጣ ስለነበር ቅንድቧ ላይ ተነደፈች። መንደፊያውን በጥፍሯ ፍቃ አወጣችው። ከዚያ ባርኔጣውን ከነዓይነ ርግቡ አውልቃ አክስቷ ራስ ላይ ደፋችው፣ አንገቷ ላይ አሰረችው፣ በሁለት እጇ ገፋ እያደረገች ከመንገዱ አወጣቻት። "እጅሽን አታወናጭፊ። አፍሽን ዝጊ። በቃ፣ እንደዚያ።" አክስቲቱ አፏን ዘጋች፤ በዚህ ዕድሜዋ የመጀመሪያዋ ሳይሆን አይቀርም።

ንቦቹ አሁን ባርኔጣ አልባዋን ልጅ ከበቡ። የግራ ዓይኗ እያበጠ ተከደነ። እጇን ወደ ኋላ ዘረጋች፣ ሳትዞር።

"እማዬ፣ ጭስ!"

"ወዬ፣ ልጄ!"

ኮስታራዋ ናት። ማጨሻውን እያናፋች ደርሳ ነበር፤ የራሷን ባርኔጣ አላደረገችም፣ አንዱ እግሯም ጫማ አልነበረውም። ልጅቷን በጭስ ሸፈነቻት፣ አገጯን ይዛ ያበጠውን ዓይን ገልጣ አየችው።

ሁለቱም የተባባሉትን የሰሙት ጭሱ ሲሳሳ ነው። ልጅቷ መሬት አየች። ኮስታራዋ ማጨሻውን ካንዱ እጇ ወደ ሌላው አዛወረች። አክስቲቱ ዓይነ ርግቡ ውስጥ ሆና አንዴ አንዷን፣ አንዴ ሌላዋን ታያለች።

የፒካፑ መስኮት በጣት ውፍረት ወርዷል። መቼ እንደወረደ ማንም አላየም።

በሩ ተከፈተ። አናጢው ወረደ፣ አንገቱ ትከሻው ውስጥ ገብቶ፣ ከንፈሩ ደርቆ። ንብ ጆሮው ሥር አረፈች፤ ዓይኑን ጨፈነ እንጂ አላባረራትም። ወደ ኋላ ዞሮ ሻንጣውን አወረደና ግቢው መሐል ድረስ ተሸክሞት መጣ።

"ልጄ" አለ፣ "የት ላስቀምጥልሽ?"