ጥቁር የማይገባበት ቤት

የቀበሌው ታጣቂ ግዛቸው የመሸሻን በር ደፍ ሳያልፍ፣ ጠመንጃውን በትከሻው እንዳንጠለጠለ ቆሞ ተናገረ። ልቅሶ የለም፤ ድንኳን የለም፤ ጥቁር መልበስ የለም። ከሰዓት በኋላ በቀበሌው አዳራሽ ስብሰባ አለ፤ የአናርኪስት ወላጆች ሁሉ ይገኛሉ። ይህን ሁሉ የተናገረው መሬት መሬቱን እያየ ነው። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«ለእርስዎ እንኳ አይከብድዎትም፣ ጋሽ መሸሻ። ጥቁር አይለበስም ብለው ያስተማሩን እርስዎ ነዎት።»

ግዛቸው ይህን ብሎ ሄደ። መሸሻና ሚስቱ ልጃቸው ስብሐት አናርኪስት ተብሎ መገደሉን የሰሙት በዋዜማው ነው። አስከሬኑን አልሰጧቸውም። ሌላ ልጅ የላቸውም።

ግዛቸው ያለው ደግሞ እውነት ነው። መሸሻ ዕድሜውን የጨረሰው ጉለሌ ካለ አንድ የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ውስጥ ጨርቅ ሲነክር ነው፤ ቀን ሙሉ ከቀለም ገንዳ ጋር የሚውል ሰው ፍልስፍና ቢነሳበት አይፈረድበትም። እሑድ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ የሰፈሩ ወጣቶች ግቢው ውስጥ ድንጋይ ድንጋይ ላይ ተኮልኩለው ያዳምጡት ነበር፤ ግማሹ ሊያምን፣ ግማሹ ሊስቅ። ብርሃን አንድ ነው፣ ይላቸዋል፤ ዓለምን ሲነካ ተሰባበረ። ሰው ሁሉ ከዚያ ስብርባሪ አንድ ቀለም ይዞ ይወለዳል፤ ሲሞት ቀለሙ ወደ ነጩ ብርሃን ይመለሳል። ጥቁር ብቻ ከብርሃን አልወጣም። ጥቁር የለበሰ ሐዘንተኛ የሟቹን መንገድ ይዘጋበታል።

ለእያንዳንዱም ቀለሙን ይነግረው ነበር። ግዛቸውን ገና ያልበሰለ አረንጓዴ ብሎት ጓደኞቹ ወር ሙሉ ሲስቁበት ከረሙ። ሚስቱ የሺ የእርድ ቢጫ ናት። ስብሐት ፀሐይ ልትወጣ ስትል ከእንጦጦ በላይ የሚታየው ሰማያዊ ነው። የሚከራከረውም ስብሐት ብቻ ነበር። «ሌሊቱስ አባዬ? ሌሊቱን ማን ፈጠረው?» ብሎት ያውቃል። ሁሉም ሳቁ፤ መሸሻም ስቆ አለፈው።

የሺ ጓዳ መደቡ ላይ ተቀምጣለች። ድምፅ እንዳይወጣባት የነጠላዋን ጫፍ አፏ ውስጥ ጎስጉሳ ነበር። አወጣችውና ባሏን አየችው።

«እናቴ ስትሞት ጥቁር አትልበሺ አልከኝ፤ እሺ አልኩህ። ዘመዶቼ ሁሉ ሲቀየሙኝ ቻልኩት። ዛሬ ደግሞ ቀበሌው ያንኑ አለ። ሁለታችሁም አንድ ሆናችሁ። እኔ ለልጄ በምን ላልቅስለት?»

ያ ሁሉ የእሑድ ንግግሩ ትዝ አለው። አፈረ፤ ከሐዘኑ በላይ እፍረቱ አንገበገበው። ኮቱን ደርቦ ወጣ።

አዲሱ ገበያ የኡሙሀኒ ሱቅ ገብቶ ጥቁር የልብስ ቀለም ጠየቃት። በዚያ ሰሞን ያን የሚጠይቅ ሰው ለምን እንደሚፈልገው አይጠፋትም። ኡሙሀኒ ወደ መንገዱ አየት አደረገችና ዱቄቱን በጋዜጣ ጠቅልላ፣ ከላዩ ጨው ጨምራ አሰረችለት።

«ጨው ካልገባበት አይዝም» አለችው፤ ከዚያ በሹክሹክታ፣ «አላህ ያጽናዎት።»

እስከዚያች ደቂቃ ድረስ ማንም እግዜር ያጽናህ ሊለው አልደፈረም። መሸሻ እንባው የመጣው እዚያው ሱቅ በር ላይ ነው።

ቤቱ ተመልሶ በሩን ዘጋ፤ ውኃ አፈላ፤ የየሺን የውስጥ ቀሚስ ነከረ። ፋብሪካው ውስጥ ከጥቁሩ ገንዳ ሲሸሽ፣ ተራው በደረሰ ቁጥር ከባልደረባው ከደበላ ጋር ሲቀያየር ነው የኖረው። ነገር ግን የተበላሸ ጨርቅ ሁሉ፣ ቀዩም፣ ቢጫውም፣ ሰማያዊውም፣ መጨረሻው ያ ገንዳ እንደነበር ያውቃል። ሌላው ቀለም ይመርጣል፤ ጥቁር የመጣለትን ሁሉ ይቀበላል፤ የተቀበለውንም አይመልስም። ምናልባት የብርሃን ጠላት አይደለም፣ ብሎ አሰበ። ምናልባት ብርሃኑን ሁሉ ይዞ አልሰጥም ያለ ነው፤ እንደ እናት። ውኃው በረድ ሲል ማማሰያውን አስቀምጦ ሁለት እጆቹን እስከ ክርኑ ድረስ ነከረ። ቀሚሱን እያሸ አለቀሰ።

የሺ ቀሚሱ ደርቆ ሳይጨርስ ለበሰችውና ነጩን ቀሚሷን ከላይ ደረበችበት። ከዚያ እጁን አየች።

«አይለቅም?»

«አይለቅም።»

«ታውቅ ነበር?»

«ሥራዬ አይደል» አላት።

በነጠላዋ ልትጠርግለት ሞከረች፤ ተወችው። ሁለቱንም እጆቹን ያዘችና ፊቷን ቀበረችባቸው። አብረው ወደ ስብሰባው ሄዱ።

አዳራሹ ሞልቷል። መሸሻ እጆቹን ኮት ኪሱ ውስጥ ከትቶ፣ ከየሺ ጎን አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጠ። ግዛቸው መድረኩ ላይ ቆሞ ወረቀት እያየ መፈክር አሰማ። የግራ እጆች ሁሉ ተጨብጠው ወደ ላይ ወጡ፤ ከአንዱ በቀር። ጥበቃዎቹ ወደ አግዳሚው መመልከት ጀመሩ። የሺ ሳትዞር ክንዱን ነካችው። እንደ መከልከልም እንደ መፍቀድም ነበር።

መሸሻ የጠቆረ ግራ እጁን አወጣ፤ ጣቶቹን ሳይጨብጥ ከፍ አደረገው።

ፊት ለፊቱ የተቀመጡት እናቶች ዞረው አዩት። ከመካከላቸው አንዷ የራሷን እጅ ቀስ ብላ አወረደች። ግዛቸው አፉን እንደከፈተ ቀረ፤ ሁለተኛው መፈክር አልወጣውም።

ያን ጊዜ የሺ የልጇን ስም ጠርታ ጮክ ብላ አለቀሰች።