በሰው አንገት የዋለ ድንጋይ

ያ ዓመት ክፉ ነበር። ዝናቡ ዘግይቶ ገባ። ማዳበሪያው ከዝናቡም ዘገየ። በቆሎው ሊያሸት ሲል በረዶ መታው፤ ከበረዶ የተረፈውን ተምች ጨረሰው። መንገዱ ይዘጋል፣ ይከፈታል፣ ደግሞ ይዘጋል። ከቡሬ የሚመጣው እህል ዋጋው አልቀመስ አለ። የሚቀጥለው ክረምት ሲገባ በየቤቱ ጎተራው ተጠርጎ ነበር። ሦስት ጊዜ ይበላ የነበረው ሁለት ጊዜ፣ ሁለት ጊዜ ይበላ የነበረው አንድ ጊዜ በላ። ከብት ያለው ከብቱን ወደ ገበያ ነዳ። የሌለው አፉን ይዞ ተቀመጠ።

ስሜነህና ሚስቱ ወለተሥላሴ ከፍኖተ ሰላም ወደ ቡሬ በሚወስደው መንገድ ዳር ይኖራሉ። ልጆቻቸው ወጥተው ሩቅ ገብተዋል። ቤቱ ውስጥ የቀሩት ሁለቱ አዛውንቶች ናቸው። ስሜነህ የስኳር በሽታ አለበት። ጧት ጧት አንዲት ኪኒን ይውጣል፤ አንድም ቀን ረስቷት አያውቅም። «ለንስሐ አባትዎ እንዲህ ቢታመኑ ኖሮ ይጸድቁ ነበር» ትለዋለች ወለተሥላሴ። እሷም በበኩሏ ዘብ ቆማለታለች። ከጓሯቸው ቀፎ የሚቆረጠው ማር ሳጥን ውስጥ ይቆለፋል፤ ቁልፉ ከማተቧ ጋር አንገቷ ላይ ነው። ሻዩን ያለ ስኳር ታቀርብለታለች። ፊቱን ሲያጨማድድ ትስቃለች።

«ይህ ሻይ ነው ወይስ የእግር ውኃ?»

«የሚወድዎት ሰው ያፈላው ነው። ይጠጡ።»

በክረምቱ አጋማሽ አንድ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ሰንበቴ ላይ ተሰበሰቡ። ስሜነህ ተነሥቶ ጽዋ ሊያቀብል ሲል እግሩ ተንገዳገደ። ፊቱ በላብ ተነክሯል። ምላሱ ተሳስሮ የማይያያዝ ነገር ተናገረ፤ ሊይዙት ቢጠጉ ተቆጣ፤ ሲወራጭ የጠላውን እንስራ ደፋው። በዚያ ክፉ ዓመት አንድ እንስራ ጠላ! ሰው ሁሉ እርስ በርሱ ተያየ። አንዱ «እንደገና ጀመረው» ሲል ወለተሥላሴ ሰማች። አንድ ቁራሽ ዳቦ አስይዘው ግድግዳ ጥግ አስቀመጡት። ዳቦውን በላ፤ ጥቂት ቆይቶ ረጋ፤ ምን እንደሆነ ለራሱም ግራ ገብቶት ዙሪያውን አየ። «ዳቦው ስካሩን ቆረጠለት» አሉ።

እንዲህ ማለታቸው ያለ ነገር አልነበረም። ስሜነህ ድሮ ጠጪ ነበር። ጠጪ ሲባልም እንደ ሰው አይደለም፤ አረቄ ቤት ከፍቶ የሚገባ፣ ዘግቶ የሚወጣ ነበር። አንድ ጊዜ ቡሬ ላይ የወለተሥላሴ ወንድም ተስፋው ልጁን ሲድር፣ ስሜነህ ሰክሮ በሠርገኛው ፊት የሟች አማቱን አጥንት ሰደበ። ወለተሥላሴ ከሠርጉ ወደ ቤቷ አልተመለሰችም፤ ወንድሟ ቤት ቀረች። ሽማግሌ ገባ። ዳኝነቱም እንዲህ ሆነ፦ ስሜነህ በንስሐ አባቱ ፊት መጠጥ ላይቀምስ ይገዘት፤ ቀጥሎም ድንጋይ በአንገቱ ተሸክሞ ተስፋው ደጅ ላይ ይቅርታ ይጠይቅ። ግዝቱን ተቀበለ። ድንጋዩን ግን እንቢ አለ። «ለሱ አንገቴን አልደፋም» ብሎ ተቀመጠ። በመጨረሻ ዋሱ የነበረው ጎረቤቱ አምላኩ ድንጋዩን ስለሱ ተሸከመ። ተስፋውም «ለሽማግሎቹ ስል» ብሎ እኅቱን ሰጠ። ሚስቲቱ ተመለሰች። ስሜነህም እውነቱን ነው፣ ከዚያ ወዲህ አልጠጣም። ነገር ግን ሁለቱ ወንዶች አንዱ የሌላውን ደጅ ረግጠው አያውቁም።

ከሰንበቴው ሲመለስ፣ ቀድማው የገባችው ወለተሥላሴ በር ላይ ቆማ ጠበቀችው።

«ማን ቤት ነው የጠጣኸው?»

«አንተ» ስትለው ነገሩ እንደከረረ ገባው። አንቱ ነበር የምትለው።

«ጠብታ አልቀመስሁም። በግዝቴ!»

«ግዝትህንማ ከጠላው ጋር ደፋኸው።»

«አንች ሴት፣ ደክሞኝ ነው።»

«ያኔም ሁልጊዜ ይደክምህ ነበር።»

ለወንድሟ ደወለች። «ያው ነው» አለችው። ተስፋውም «ማክሰኞ እመጣለሁ፤ ልብስሽን ሰብስቢ» አላት። ሰበሰበች። ስታጥፍ ግን እጇ ይዘገያል፤ የሱን ጋቢም ሳታውቀው አብራ አጥፋው ነበርና መልሳ አወጣችው።

ማክሰኞ ጧት ስሜነህ ኪኒኑን ዋጠ። ቁርስ ስታቀርብለት እንደ ሰሞኑ «አምላኩ ቤት እበላለሁ፤ አንች ብይው» ብሎ ዶማውን ይዞ ወጣ። ረፋድ ላይ ተመለሰ። አምላኩ ከኋላው እየሮጠ ይከተለዋል። ስሜነህ እየተንገዳገደ የአጥሩን በር ሳተ፤ እጁ ይንቀጠቀጣል።

«እናቴ» አላት ሚስቱን፣ «በሬዎቹን ማን ፈታቸው?»

ወለተሥላሴ ደሟ ፈላ። ኮሌታውን ይዛ ወደሷ ሳበችውና አፍንጫዋን ወደ አፉ አስጠጋች። አሸተተች። ደግማ አሸተተች። አረቄ የለም። ጠላ የለም። ያለው የባዶ ሆድ ትንፋሽ ብቻ ነው። አንገቱን ብትነካው ላቡ እንደ ጥጃ አፍንጫ ቀዝቅዟል። ቁጣዋ በአንዴ ወደ ፍርሃት ተለወጠ።

«አልጠጣም!» አለች። «አያ አምላኩ፣ አልጠጣም!»

«ወባ ይሆን? መንቀጥቀጡ ወባ ይመስላል» አለ አምላኩ። ግንባሩን ዳሰሰ። «ትኩሳት ግን የለውም። እንግዲያ ዓይን ነው። ቡዳ በልቶታል። እህል ሳይቀምስ ጠበል እናድርሰው።»

«ስኳሩ ተነሥቶበት ቢሆንስ?» አለች፤ እጇ ሳታስበው አንገቷ ላይ ያለውን ቁልፍ ጨበጠ። «ጣፋጭ ነገር እንዳታስቀምሱት፤ ይገድለዋል!»

በዚህ መካከል አንድ ባጃጅ ደጅ ላይ ቆመ። ተስፋው ወረደ። አማቹን ሚስቱ ላይ ተደግፎ ሲወዛወዝ አየው።

«ይኸው! በጧቱ!»

«አፉን አሽትተው» አለች ወለተሥላሴ።

«እኔ ያንን አፍ? ወዲያ!»

«አሽትት አልሁህ!»

ተስፋው ከእኅቱ ቁጣ ሌላ የሚፈራው ነገር አልነበረውም። ጎንበስ ብሎ አሸተተ። ምንም አልሸተተውም። ቀና ብሎ ስሜነህን በብብቱ ይዞ አነሣው፤ እኅቱን ሊወስድበት የመጣበትን ባጃጅ ወደ ፍኖተ ሰላም አዞረው። መንገድ ላይ ስሜነህ መልስ መስጠት አቆመ። ወለተሥላሴ ስሙን ትጠራለች። በስሙ ስትጠራው አምላኩ ያን ዕለት ገና ሰማ።

ጤና ጣቢያ የተቀበለቻቸው ነርስ ሜላት ትባላለች። የስኳር በሽተኛ መሆኑን ስትሰማ ሌላ ሳትጠይቅ ጣቱን ወግታ ደሙን በስኳር መለኪያ አየች። «ስኳሩ ወርዷል፤ በጣም» አለችና በደም ሥሩ ግሉኮስ ሰጠችው።

«ወረደ?» አለ አምላኩ። «የስኳር በሽተኛ ስኳሩ ይወጣል እንጂ ይወርዳል?»

«ኪኒኑ ስኳሩን እንዲያወርድ ነው የተሰጣቸው። እህል ካልተከተለ ማውረዱን አያቆምም። ስኳሩ የወረደ ሰው ሰካራም ይመስላል፤ ወባ የያዘው ይመስላል፤ የሚጥል በሽታ ነው ተብሎም ይመጣል። ሁሉም ግን ስኳር ነው ማለት አይደለም። ወባውንም እናየዋለን።»

ቃሏን ሳትጨርስ ስሜነህ ዓይኑን ገለጠ። ራሱን ደግፎ የያዘው ተስፋው ነበር።

«አንተን ደግሞ ማን ጠራህ?» አለው።

ተስፋው ሳያስበው ሳቀ። ወለተሥላሴ እየሳቀች አለቀሰች።

«አባባ፣ ዛሬ ኪኒንዎን ውጠው ምን በሉ?» አለች ሜላት።

ስሜነህ ጣሪያውን አየ። ወለተሥላሴ መለሰች፦ «እሳቸው ቤት ነው የሚበሉ፤ አያ አምላኩ ቤት።»

«የት?» አለ አምላኩ። «እኔ ቤትማ ‹በልቼ ነው የመጣሁ› እያለኝ ነው የሚቆፍር!»

ቤታቸው ሌማቱ ላይ ያለው ለሁለት አይበቃም ነበር። ወለተሥላሴ ያን ሁሉ ጧት ብቻዋን የበላችውን እንጀራ አሰበች።

«አንቱ ክፉ ሰው» አለችው። አንቱ ማለቷን ሰማ።

«አንች ከስተሽ ነበር» አለ።

ሜላት መከረቻቸው፦ ኪኒን ያለ ምግብ አይዋጥም። እንዲህ ሲያልበውና ሲያንቀጠቅጠው፣ ነቅቶ መዋጥ የሚችል ከሆነ ወዲያው ስኳር የበዛበት ሻይ ወይም ማር፣ ከዚያ እህል፤ ራሱን ከሳተ ግን አፉ ውስጥ ምንም ሳይጨምሩ ማምጣት። «ማር ቤት አልነበረም?» ብላ ጠየቀች። ወለተሥላሴ ቁልፉን ከማተቧ ፈትታ ባሏ እጅ ላይ አስቀመጠችው። ኪኒኑ ከሰውነቱ ቶሎ ስለማይወጣ እዚያው አዋሉት፤ ሐኪሙም መጠኑን ቀነሰለት።

ሁለቱ ብቻቸውን ሲቀሩ ስሜነህ ጠየቃት።

«አፌን አሸተትሽ አሉ።»

«አሸተትሁ።»

«ዛሬ ብቻ ነው?»

ወለተሥላሴ የጋቢውን ጥለት ታስተካክል ጀመር። ስንት ጊዜ ከገበያ ሲመለስ፣ ስንት ጊዜ ሲያንቀላፋ ጎንበስ እንዳለች እሷም አትቆጥረውም። መልሱ ለስሜነህ ገባው።

«ማመን እንዴት ትችይ» አላት። «ይቅርታ የጠየቀሽ የአምላኩ አንገት ነው።»

ተስፋው ብቻውን ወደ ቡሬ ተመለሰ። እሸት ደርሶ ሰው ትንሽ ቀና ሲል፣ አንድ ቅዳሜ ስሜነህ «ቡሬ እንሂድ» አለ። ወለተሥላሴ ለምን ብላ አልጠየቀችም። ቁርሱን አብልታ፣ እስኪጨርስ ፊቱ ተቀምጣ አየችው። አምላኩም ተከተለ።

ተስፋው ደጅ ሲደርሱ ስሜነህ ከመንገዱ ዳር አንድ ጥቁር ድንጋይ መረጠ። ሊያነሣው ሲታገል አምላኩ እጁን ዘረጋ።

«ልያዝልህ?»

«አንተ ተሸክመሃል። ይብቃህ።»

አንገቱ ላይ አድርጎት አጎነበሰ። ተስፋው ከቤት ወጥቶ ደነገጠ።

«ምን ሆነሃል? አልጠጣህ! እኔ ነኝ ያለ ነገር የጠረጠርሁህ!»

«የዘንድሮውን አይደለም» አለ ስሜነህ ወደ መሬት እያየ። «ያባታችሁን አጥንት ሰድቤ ነበር። አንተንም እሷንም ይቅር በሉኝ።»

ወለተሥላሴ ነጠላዋን አፏ ላይ አደረገች። ወንድሟ አያት፤ ራሷን በእሺታ ነቀነቀች። ተስፋው ድንጋዩን በሁለት እጁ ከስሜነህ አንገት አነሣው፤ ክብደቱ አንገዳገደው።

«ይህን ያህል ይከብዳል እንዴ?»

«እኔ ያኔ ትንሿን ነበር የመረጥሁ» አለ አምላኩ።

ተስፋው ድንጋዩን አጥሩ ሥር ጣለው። የስሜነህን አንገት ከአፈሩ በእጁ ጠረገለት።

«እግዚአብሔር ይፍታህ። ግባ፣ ምሳ ቀርቧል» አለው።

ስሜነህም ገባ።