ያልገባችው ነጥብ

ልጄ የሰው ፊት ስትሥል ትንፋሿን ትይዛለች። እኔም ጥግ ላይ ሽንኩርት እየከተፍኩ ሳላውቀው አብሬያት እይዛለሁ። ሥራዋ የአውራ ጣት ጥፍር በሚያህል ስስ የአጥንት ቁራጭ ላይ የሰው ፊት መሣል ነው። ሰዎች ሥዕሉን ክዳን ባለው የአንገት ጌጥ ውስጥ ከተው ደረታቸው ላይ ይዘውት ይዞራሉ። አንድ ማስነጠስ የሰው አፍንጫ ያጠፋል። ስለዚህ ቤታችን ጉንፋን የያዘው ሰው አይገባም፤ የገዛ ወንድሟ እንኳ ሲያስለው በመስኮት ነው የሚያወራን። ሰፈሩ "አትተንፍሱ" የሚል ቅጽል አውጥቶላታል። በመንገድ ስታልፍ የሰፈሩ ጎረምሶች አፍንጫቸውን ይዘው ጉንጫቸውን ይነፋሉ፤ እሷም ትስቃለች።

ሙያውን የለመደችው እዚያው ሰፈር ካለው ወርቅ ሠሪ ዘንድ ነው። መጀመሪያ የጌጥ ክዳን ስትወለውል ነበር፤ ኋላ ለወርቅ ሠሪው ይሥል የነበረው ሰው ሲታመም ብሩሹ እሷ እጅ ገባ። ፎቶ ቤቶች በየመንገዱ ሲከፈቱ ሌሎቹ ሠዓሊዎች ወደ ማስታወቂያ ሰሌዳ ሥራ ዞሩ። እሷ እምቢ አለች።

"ፎቶ የሞተ ሰው ያነሳል?" አለችኝ። "እኔ ግን ከነገሩኝ እሥለዋለሁ።"

እውነቷን ነበር። ወንድማማቾች መጥተው የአባታቸውን አፍንጫ ሲነግሯት ተጣልተው፣ አንዱ "ያንተ አባት ሌላ ነው እንዴ?" ብሎ ሊማቱ ሲሉ እኔ ነኝ የገላገልኳቸው። ሁለቱም ግን ሥዕሉን ሲያዩ አለቀሱ።

የሚያስለቅሳቸው ነገር ምን እንደሆነ እኔ አውቃለሁ። ፊቱ ሁሉ አልቆ፣ ቀለሙ ከደረቀ በኋላ፣ በአንዲት ፀጉር ጫፍ ነጭ ቀለም ትነካና ብሌኑ ላይ ነጥብ ታሳርፋለች። ከዚያች ነጥብ በፊት ሥዕሉ ያፈጠጠ ሬሳ ነው። ነጥቧ ስትገባ ግን ሰውየው ቀና ብሎ ያይሻል። ለዚህች ነጥብ ብሩህ ቀንና ያረፈ ዓይን ትመርጣለች፤ ሌላው ሁሉ አልቆ ሰንብቶ ነጥቧን ብቻ የሚጠብቅ ፊት ከቤታችን ጠፍቶ አያውቅም።

መጀመሪያ የደከመው ቀኝ ዓይኗ ነው። ግራው ተከተለ። የዓይን ሐኪሙ "ይህን ሥራ ተዪ፤ የተረፈሽን ለመንገድ ይሁንሽ" አላት። እኔም ለመንኳት። እንቅልፌን አጣሁ፤ ሻይ ስትቀዳ ከብርጭቆው ውጪ ታፈሳለች።

"አንድ ብቻ ቀረኝ፣ እማዬ" አለች።

"የማንን ነው ደግሞ?"

"ያንቺን።"

የሰው እናት ሁሉ ሥላ እኔን ሁልጊዜ "ቆዪኝ" ስትለኝ ነው የኖረችው። እኔም አንዴም ቅር አለኝ ብያት አላውቅም፤ ቅር ብሎኝ ግን ነበር። መስኮቱ ስር ተቀመጥኩላት። አገጬ ላይ ያለውን ጠባሳ፣ የተሸበሸበውን ግንባሬን፣ ሁሉን አወጣችው። ነጥቧ ብቻ ቀረች። ዓይኗ ትንሽ እስኪያርፍ ብላ ሥዕሉን ለክፈፉ ልክ እንዲወስድ ለወርቅ ሠሪው ላከችለት። እሱ ደግሞ ጌጥ ውስጥ ከትቶ የሱቁ መስኮት ላይ አኖረውና ሸጠው።

እንደሰማሁ ነጠላ ጫማዬን እንኳ ሳልቀይር ሄድኩ።

"ምን ላድርግ፣ እህቴ?" አለ፣ ሚዛኑን እየነካካ። "ሴትዮዋ ገና ከበር ስታየው 'እናቴ!' ብላ ተንሰቀሰቀች። ከእጇ ልቀማት?"

"የኔ ፊት እኮ ነው!"

"ልጅሽ ሌላ ትሥልሻለች። አንቺ የት ትሄጃለሽ?"

"ዓይኗስ? ዓይኗም የትም አይሄድ?"

ተቆጣ። "አላለቀም ብላ መች ነገረችኝ? አፍ አለው፣ አፍንጫ አለው፣ ዓይን አለው። ምን ጎደለው?"

ልጄ ዕድሜዋን ሙሉ ስትሠራለት ነጥቧን አንድ ቀን አላያትም። የሴትዮዋን ቤት ጠቁሞኝ ወደ ሥራው ዞረ።

ሴትዮዋ ልብስ ሰፊ ናት። የስፌት መኪናዋን አቁማ ወንበር አቀረበችልኝ። ጌጡ አንገቷ ላይ ነበር። የመጣሁበትን ስነግራት በመዳፏ ሸፈነችው።

"ይቅርታ ያድርጉልኝ፣ እማማ። እሱንስ አልሰጥም።"

"ልጄ ዓይኗ እየጠፋ ነው" አልኳት። "የመጨረሻ ሥራዋ ነው።"

ከንፈሯን መጠጠች፤ እጇን ግን አላነሳችም።

"እሺ ላንቺው ይሁን" አልኩ። "ነጥቧን ብቻ ታሳርፍበት። ብሌኑ ላይ ነጭ ነጥብ ጎድሎታል፤ ዓይኑ አያይም። ጨርሳ ራሴ አመጣልሻለሁ።"

ክዳኑን ከፍታ አየችው። ከዚያ በኃይል ዘጋችው።

"እናቴ ዓይነ ስውር ነበረች" አለች። "ፎቶዎቿ ሁሉ ዓይኗ ሳይጠፋ የተነሱ ናቸው። እኔ ያጠብኳት፣ ደግፌ ያስቀመጥኳት ግን የማታየዋን ነው። ወደኔ ዞራ እኔን አታየኝም ነበር፤ ይሄም እንደሷ ነው። ነጥብ ከገባበትማ የሌላ ሰው እናት ሆነ።"

ልሄድ ስነሳ ፊቴን ትክ ብላ አየችኝ።

"ለነገሩ እርስዎም ትንሽ ይመስሏታል" አለች።

ቤት ስደርስ ልጄ ከመስኮቱ ስር አልተነሳችም።

"አመጣሽው?"

"አልሰጥም አለች።"

"ነጥቡ እንዳልገባ አልነገርሻትም?"

ልዋሽ ፈልጌ ነበር፤ ቶሎ አልመጣልኝም። "ነግሬያታለሁ። እንዲሁ ይሻለኛል አለች። እናቷ አታይም ነበር አሉ።"

ልጄ ሳቀች። "በይ እንግዲህ! ሳልጨርስ የወደደልኝ ሰው ተገኘ።" ከዚያ በእጇ ጠረጴዛውን እየዳሰሰች አዲስ የአጥንት ቁራጭ አወጣች። "ነይ ተቀመጪ። ካንቺ በቀር ማንም አይነካውም።"

"ሐኪሙ—"

"እማዬ፣ ተቀመጪ።"

ተቀመጥኩ። ፊቴ ቀስ በቀስ ሲወጣ አየሁት፤ አንዱ ጉንጭ አብጦ፣ አፉ ወደ ጆሮ ሸሽቶ። ጠባሳዬ አንገቴ ላይ ነበር። "ይመስላል?" ስትለኝ "ቁርጥ እኔን" አልኳት።

ነጥቧን የምታሳርፍበት ቀን ፀሐዩ መስኮቱን ሞልቶት ነበር። ብሩሹን ነጭ ቀለም ነከረች። ትንፋሿን ያዘች፤ እኔም ያዝኩ። እጇ እንደ ድሮው ቀጥ ብሎ ወረደ። ብሩሹ ከአጥንቱ ወጣ ብሎ ጠረጴዛው እንጨት ላይ አረፈ።

"ገባች?" አለች።

"ገባች።"

ትንፋሿን ለቃ ብሩሹን አጠበች፤ ጨርቅ ላይ አድርቃ ከሣጥኑ ከተተችው። ከዚያ ወዲህ አላወጣችውም።

ሥዕሉ እኔ ጋ ነው፤ አያይም። ጠረጴዛውን ስወለውል ያችን ቦታ እዘላታለሁ።