ተኝታለች

«ይቺ ልጅ እኮ ሦስተኛ ጊዜዋ ነው፤ አንሺላት እንጂ» አለች ጀሚላ፣ በለቀስተኞቹ እግር መሃል ተሻግራ የሚጮኸውን ስልክ ለታንጉት እያቀበለቻት።

ታንጉት ፀጉሯን በጥቁር ሻሽ አስራ መሬት በተነጠፈው ፍራሽ ላይ ተቀምጣለች። ሪያድ፣ ሱወይዲ ሰፈር ውስጥ ከጀሚላ ጋር የተከራየችው ክፍል ጠባብ ነው። ግድግዳውን ተደግፈው የተቀመጡት ሴቶች አብዛኞቹ ሰው ቤት የሚሠሩ፣ ማዳሞቻቸውን ለምነው ለጥቂት ሰዓት የመጡ ናቸው። ከላይም ከታችም ጎረቤት ስላለ ጮኾ ማልቀስ አይቻልም። መርዶው የተነገረ ዕለት ጀሚላ ኮሪደሩ ላይ ያለውን የልብስ ማጠቢያ ባዶውን አስነሥታው ነበር፤ ታንጉት በቤት «እታለም» ስለምትባለው ታላቅ እህቷ ስለ እናናዬ ያለቀሰችው በማሽኑ ጩኸት ተሸፍና ነው።

ስልኩን ከፈተችው። ሐይቅ ከተማ ያለችው የሰባት ዓመት ልጇ የሶሊያና ግንባርና ዓይኖች ብቻ ብቅ አሉ።

«እማ! እታለም ደረሰች?»

«የት?»

«አንቺ ጋ ነዋ! አጎቴ አበራ በአውሮፕላን ሪያድ ሄደች አለኝ። እስቲ አገናኚኝ።»

ሻይ የምትቀዳው ሴት ፔርሙዙን እንዳዘነበለች ቀረች። ታንጉት ወደ ጀሚላ አየች፤ ጀሚላ ዓይኗን ሰበረች።

«ተኝታለች» አለች ታንጉት በመጨረሻ።

«በቀን?»

«መንገዱ... ደክሟት ነው።»

«እሺ፣ ስትነሣ ዩኒፎርሜን የት እንዳስቀመጠችው ጠይቂልኝ። የአጎቴ ሚስት ፈልጋ አጣችው። ደግሞ ሳትነግረኝ በመሄዷ አኩርፌያታለሁ በያት።»

ስልኩ ሲዘጋ ወለተ ሥላሴ የነጠላዋን ጫፍ ወደ ዓይኗ ወሰደች። ከሁሉም በዕድሜ የምትበልጠውም፣ መርዶውን ያረዳችውም እሷ ናት። «ደግ አደረግሽ ልጄ። ሕፃን ምን ታውቃለች? ውላ አድራ ትረሳዋለች።»

ታንጉት ራሷን ነቀነቀች። «ሳትነግረኝ» የሚለው ቃል ነው የያዛት።

ሶሊያናን ስትለያት ልጅቷ ሦስት ዓመቷ ነበር። የዚያን ቀን ጎረቤት ቤት ጫጩት ተፈልፍሏል ብላ ላከቻትና በጓሮ በኩል ሻንጣዋን አንሥታ ወጣች። እናናዬ በር ላይ ቆማ ክንዷን ይዛት ነበር።

«ንገሪያትና ሂጂ።»

«አልችልም እታለም። ስታለቅስ ካየኋት እቀራለሁ።»

«ታልቅሳ! እያየችሽ ታልቅስ። እንዲህ ከሄድሽባት እኮ ሰው ሁሉ ዞር ባለ ቁጥር የጠፋ ነው የሚመስላት።»

ታንጉት ክንዷን አስለቅቃ ሄደች። ከዚያ በኋላ የሆነውን እናናዬ በስልክ ስትነግራት አልደበቀቻትም። ሶሊያና ከጎረቤት ተመልሳ አልጋ ሥር ፈለገቻት። ከመጋረጃው ጀርባም፣ ከዱቄት በርሜሉ ኋላም ፈለገቻት። የልብስ ስፌት ሥራ የነበራት እናናዬ የስፌት መኪናዋን አቁማ ልጅቷን ከፊቷ አስቀመጠቻት። «እናትሽ ሩቅ አገር ለሥራ ሄዳለች። ቶሎ አትመጣም። ሳትነግርሽ የሄደችው ማልቀስሽን ማየት አቅቷት ነው፤ ስላልወደደችሽ አይደለም» አለቻት። ልጅቷ ስታለቅስ ዝም አላሰኘቻትም። በማግሥቱ መናኸሪያ ወስዳ አውቶቡሱ የሚነሣበትን ቦታ አሳየቻት። «ከዚህ ነው የሄደችው» አለቻት። ከዚያ ወዲያ ሶሊያና አልጋ ሥር ማየት ተወች።

የሰፈር ልጆች እናናዬን «እናትሽ» ሲሏት ራሷ ታርማቸው ነበር፤ «አክስቷ ነኝ፤ እናቷ ሪያድ ናት» እያለች። በየጊዜውም ታንጉትን «ነይ እንጂ፣ ልጅሽ በስልክ ብቻ እያወቀችሽ አትደግ» ትላት ነበር። ታንጉት ሁልጊዜ «የሚመጣው ዓመት» ነበር መልሷ። የመኖሪያ ፈቃዷ፣ ኢቃማዋ፣ ከተቃጠለ ቆይቷል። አገሩን የምትለቀው በተርሒል ተባርራ ነው፤ አንዴ ከወጣች ወዲያ መመለስ የለም። እናም የሚመጣው ዓመት ሌላ የሚመጣ ዓመት ይወልዳል።

ለቀስተኞቹ ሲበተኑ ጀሚላ የተምሩን ፍሬ ከምንጣፉ ላይ እየለቀመች፣ ሳታስበው እንደምትናገር ሰው ጀመረች።

«እኔም ልጅ ሆኜ ነው አባቴ የሞተው። መካ ሄደ አሉኝ።»

«ለአንቺም?»

«ኋላ አድጌ ሰማሁ፣ አወቅሁ፣ ኸላስ፣ አለቀ። ግን ታንጉት፣ እዚህ መጥቼ ለዑምራ መካ የሄድኩ ዕለት ምን እንደሆንኩ ታውቂያለሽ? ዓይኔ ሰው መሃል ይፈልገው ነበር። ትልቅ ሰው ሆኜ፣ መሞቱን እያወቅሁ!» ፍሬውን ቆሻሻው ውስጥ ጣለችው። «ያንቺ ልጅ ደግሞ ሪያድ ነው የምትፈልጋት። አንቺ ጋ።»

ታንጉት ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። እናናዬ ሞታ ከተቀበረች በኋላም እሷ ሳታውቅ ለሳምንት ያህል የድምፅ መልእክት ትልክላት ነበር። ስለምትሠራላት ማዳም ድመት ትቀልድላታለች፣ ዘፈን ታንጎራጉርላታለች። መልስ ሲጠፋ ወንድሟ አበራ ጋ ደወለች። «መድኃኒቱ ነው፤ ተኝታለች» አላት። መርዶው ሲመጣ ከሞቱ እኩል ያንገበገባት እሱ ነበር፤ ለሞተ ሰው ስትስቅ መሰንበቷ። ዛሬ ደግሞ ያችኑ ቃል ለልጇ ሰጠቻት።

ጠዋት አበራ ጋ ደወለች።

«እነግራታለሁ» አለችው።

«ልጅቱን ልትገድያት ነው? እየበላች፣ እየተጫወተች እኮ ነው!»

«እኔ ጋ ናት ብለሃታል። በየቀኑ አገናኚኝ ስትለኝ ምን ልበላት?»

«አንቺማ እዚያ ሆነሽ ተናግረሽ ስልክ ትዘጊያለሽ። ስታለቅስ የሚይዛት እኔ ነኝ» አለ አበራ፤ ድምፁ ተሰበረ። «እኔም እኮ እህቴ ናት። እንዴት ብዬ ልንገራት?»

ታንጉት ይህን አላሰበችውም ነበር። ወንድሟ የዋሸው ቃሉን ከአፉ ማውጣት ስላቃተው ነው።

«አበራዬ፣ እኔ እናገራለሁ። አንተ አጠገቧ ቁጭ በልና ያዝልኝ። ሌላ ምንም አትበል።»

ሶሊያና ስልኩ ላይ ስትመጣ አፏ ውስጥ ዳቦ ነበር።

«ነቃች?»

«ዋጪው መጀመሪያ፣ የኔ ቆንጆ።» ታንጉት ጠበቀች። «ትናንት ተኝታለች ያልኩሽ ውሸት ነው። ፈርቼ ነው የዋሸሁሽ። እታለም እኔ ጋ አልመጣችም። ጉበቷን ታማ ነበር፤ ሐኪሞቹም ሊያድኗት አልቻሉም። ሞተች።»

አረፈች፣ ተለየችን ልትል ፈልጋ ነበር፤ «ሞተች» የሚለውን ቃል ያመጣላት እናናዬ መሰለቻት።

ልጅቷ አበራን አየች። አበራ አንገቱን ደፋ።

«የት ናት ታዲያ?»

«ቤተ ክርስቲያን ግቢ ተቀብራለች። አጎትሽ ወስዶ ያሳይሻል።»

«አይበርዳትም?»

«የሞተ ሰው አይበርደውም። አያመውም፣ አይርበውም፣ ጨለማም አይፈራም።»

ሶሊያና በጣም ቀስ ብላ፣ «ውሃ አቀብይኝ ስትለኝ እየተጫወትኩ ነው ብያት ነበር» አለች።

«አይደለም! ስሚኝ፣ በዚያ አይደለም። ሰው በዚያ አይሞትም። ከውሃው በፊትም ታማ ነበር።»

«አሁን እኔ የማን ነኝ?»

«የኔ። የኔ ነሽ።»

«ትመጪያለሽ?»

እዚህ ላይ «የሚመጣው ዓመት» የሚለው ቃል በለመደው መንገድ እስከ ጥርሷ መጣ። ታንጉት ዋጠችው።

«መምጣት እፈልጋለሁ። መቼ እንደምመጣ ግን አላውቅም። ነገ አይደለም፣ የሚቀጥለው ሳምንትም አይደለም። ባወቅሁ ቀን ከማንም በፊት ላንቺ ነው የምነግርሽ።»

የሶሊያና ፊት ተጨማደደ፤ ስልኩን ጣለችው። ስክሪኑ ላይ የሚታየው የቤቱ ኮርኒስ ብቻ ሆነ። ከየት እንደሆነ የማይታይ ልቅሶ ተሰማ፤ የአበራም ድምፅ «እሺ፣ እሺ፣ አልቅሺ» እያለ አብሮት ይሰበር ነበር። ታንጉት ስልኩን አዘነበለችው፣ ቀና አደረገችው፤ ኮርኒሱ ኮርኒስ ነው።

«ዝጊው በቃ፣ ራስሽን አትጉጂ» አለች በጠዋት የመጣችው ወለተ ሥላሴ።

«ባትሪው ሊያልቅ ነው» አለች ታንጉት፣ ሌላ ነገር እንደተጠየቀች ሁሉ።

ያለው ሶኬት በሩ ሥር ነው፤ የቻርጀሩ ገመድ አጭር ነው። ተነሥታ ሄደችና ስልኩን ሰክታ፣ እዚያው በተወለቀው ጫማ መሃል ጉልበቷን አጥፋ ተቀመጠች። ጆሮዋን ስልኩ ላይ ደገፈች። ልጅቷ ስታለቅስ፣ ትንፋሽ ሲያጥራት፣ እንደገና ስትጀምር ትሰማለች። ጀሚላ ልብስ ማጠቢያውን ልታስነሣ ተነሣች፤ ታንጉት ግን ድምፁን እንዳይሸፍንባት በእጇ ከለከለቻት። ከዚያ ያው እጇ ወደ ጉልበቷ ተመለሰና፣ ማንም ሳያዝዘው፣ ሕፃን እንደሚያስተኛ ሰው እጅ ቀስ እያለ ቸብ ቸብ ያደርገው ጀመር።