ቅዳሜ ከሰዓት የሚነሳው አውቶቡስ

ልጄ ዝናብ ታቆማለች። ይህን ስናገር ሰው እንደሚስቅብኝ አውቃለሁ፤ እኔም በዓይኔ እስካይ ድረስ ስቄባታለሁ። የበላችበትን ሳህን ወደ ማጠቢያው ለማድረስ ስንት ጊዜ የምትለመን ልጅ፣ ኮምፒውተሯ ፊት ቁጭ ብላ አንዲት ቁልፍ ስትነካ በአንድ ሙሉ ከተማ ላይ የሚወርደው ዝናብ ቀጥ ይላል። ደግማ ስትነካ ይመለሳል። ሳህኑ ግን እዚያው ነው።

እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ። የስፌት መኪናዬ ሳሎን ውስጥ መስኮቱ ሥር ነው፤ የልጄ ኮምፒውተር ደግሞ የምግብ ጠረጴዛው ጫፍ ላይ። ስለዚህ ወደድኩም ጠላሁም የምትጫወተውን ሁሉ ከጀርባዋ ሆኜ አያለሁ። ጨዋታው የመኪና ነው። መንገዱ፣ ፎቁ፣ የትራፊክ መብራቱ፣ የእግረኛ መሻገሪያው ሳይቀር ያለበት ከተማ አለ፤ በየቤታቸው የተቀመጡ፣ ተያይተው የማያውቁ ሰዎች እዚያ ገብተው አብረው ይነዳሉ። ማንም ዘው ብሎ የሚገባበት ግጥሚያ ሞልቷል። ልጄ እሱን ትንቀዋለች። እሷ የምትወደው የራሷን ግጥሚያ መክፈት ነው። ከተማውን ትመርጣለች፤ ሲያሻት ታጨልመዋለች፣ ሲያሻት ታነጋዋለች፤ የትኛው መኪና እንደሚገባና ማሸነፍ ራሱ ምን እንደሆነ እሷ ትወስናለች። ከዚያ የመግቢያውን ቁጥር ለወዳጆቿ ትሰጣለች። የሚሳደብ ከተገኘም ሳትጨቃጨቅ ታስወጣዋለች። «አዘጋጇ» ይሏታል፤ እኔ ቤት ግን ማንም አዘጋጇ አይላትም።

አንድ ቀን መቀሴን እንደያዝኩ ይሄን ሁሉ ማን ሠራው ብዬ ጠየቅኋት። ከተማውን ሌሎች ሠሩት፣ እኔ ሕጉን ብቻ ነው የማወጣው አለችኝ። ሕጉን ብቻ። ጨው አቀብዪኝ እንደማለት ቀለል አድርጋ ነው የተናገረችው። እኔ ግን ያን ዕለት የአንድ ደንበኛ እጅጌ ገልብጬ ሰፋሁ።

ባለቤቴ የከተማ አውቶቡስ ሹፌር ነበር። ባልደረቦቹ «ፍሬን» ይሉታል፤ ሮጦ የሚመጣ ሰው በመስታወቱ ካየ፣ ተቆጣጣሪው ቢጮህበትም ይቆማል እንጂ ጥሎ አይሄድም። እኔንም ያገኘኝ እንዲሁ እየሮጥኩ ስመጣ ነው። ምነው በዚያ ቀን ባመለጠኝ የምልባቸው ጊዜያት አሉ፤ እሱም ያውቃቸዋል።

በመሥሪያ ቤታቸው አንድ ወግ አለ። ፈረቃው ያለቀ ሹፌር መሪውን ለተተኪው ሲለቅ ዝም ብሎ አይወርድም። የአውቶቡሱን ሕመም አንድ በአንድ ይናገራል፦ የኋላው በር ይነክሳል፣ ፍሬኑ ጠዋት ጠዋት ይሰንፋል፣ ሁለተኛ ማርሽ ላይ ያኮርፋል። ተተኪው ሁሉንም ሰምቶ «ተረክቤያለሁ» ካላለ ወራጁ ከወንበሩ አይነሳም። ሰውዬው ይህን ወግ ቤት ድረስ አምጥቶታል። ልጃችን ሕፃን ሳለች እንኳ ከእቅፉ ወደ እቅፌ ሲያሻግራት፣ ሆዷ ተነፍቷል፣ በግራ ጎኗ መተኛት አትወድም ብሎ፣ ተረክቤያለሁ እስክለው አይለቃትም ነበር።

ከዚያ ዓይኑ ታመመ። ሕመሙ ተንኮለኛ ነው፤ ፊት ለፊት ያለውን ሳይነካ ዳር ዳሩን ይበላል፣ እሱን ደግሞ በግራ በኩል ባሰበት። ታማሚው ራሱ አይታወቀውም። ለሹፌሮች በሚደረገው ምርመራ ላይ አንዲት የዓይን ሐኪም ደረሰችበትና መንጃ ፈቃዱ ተወሰደ። የጠፋው አይመለስም አለችን። የቀረውን ቶሎ ሕክምና ከጀመረ ማትረፍ ይቻላል፤ ካልጀመረ እሱም ይጨልማል። ነገሩን ሳታድበሰብስ ነው የነገረችን።

ሆስፒታሉ ከከተማው ማዶ ነው፤ በእግር አይሞከርም። እሱ ደግሞ ሰው በሚነዳው ነገር አልሄድም አለ። ዓይኔ ደህና ነው፣ የታመመው የእነሱ ማሽን ነው አለ። ለመንኩ፣ ተቆጣሁ፣ አኮረፍኩ። ጆሮ ዳባ ልበስ አለኝ። አንድ ቀን ብቻ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ እውነቱን አወጣው።

«ተሳፋሪ ሆኜ የተቀመጥኩ ቀን አለቀልኝ።»

ከዚያ በኋላ ከቤት አልወጣም። ጺሙን ተወው፣ ወሬ ተወ። እኔ ጨርቅ ስቀድ፣ እሱ ሶፋው ላይ ሆኖ ወደ መንገዱ ጀርባውን ይሰጣል፤ የአውቶቡስ ድምፅ በሰማ ቁጥር ትከሻው ስቅቅ ይላል።

አንድ ቅዳሜ ልጄ ከጓደኛዋ የጨዋታ መኪና መሪ ተውሳ መጣች። ጠረጴዛው ላይ የሚታሰር፣ የእግር መርገጫ ያለው፣ እውነተኛ የሚመስል ነገር ነው። አባቷን ዓይኔ ደህና ነው ትል የለ፣ እንግዲያው ና ንዳና አሳየን አለችው። ለክርክር ሲባል የማይነሳበት ነገር የለምና ተነሳ። ወንበሩን አስተካከለ፣ ወገቡን ቀና አደረገ፣ እጁን ሰድዶ የሌለ መስታወት አዞረ። ልጄ ለእሱ አውቶቡስ መርጣለት ውድድሩን ስታስጀምር ሁሉም ተፈተለኩ። እሱ ግን ትንሽ እንደሄደ ቀይ መብራት አገኘና ቆመ።

ከድምፅ ማጉያው የተጫዋቾቹ ሳቅ ፈነዳ። አንዱ አዛውንቱ እንቅልፍ ወሰዳቸው እንዴ አለ። መብራቱ አረንጓዴ ሲሆን ሄደ፤ ቀጥሎ የአውቶቡስ ፌርማታ አየና ደግሞ ቆመ። ውድድር መሆኑን አጥቶት አይደለም፣ እግሩ ነው እምቢ ያለው። የበሩ መክፈቻ የቱ ነው ብሎ ልጄን ጠየቃት። ሳቁ ባሰ።

ያልሳቀች አንዲት ልጅ ነበረች። ሁልጊዜ መጨረሻ ስለምትወጣ «ቀንድ አውጣ» ይሏታል። መኪናዋን አዞረች፣ ተመልሳ መጣች፣ ወረደችና ፌርማታው ላይ ዝናብ ውስጥ ቆመች።

«አባባ፣ መሃል ከተማ ይደርሳል?» አለች።

«ይደርሳል። ግቢ፤ ደረጃው ያንሸራትታል» አላት ባለቤቴ። ከስንት ቀን ዝምታ በኋላ ከአፉ የወጣ ሙሉ ወሬ ይህ ነበር።

በቀጣዩ ቅዳሜ ልጄ አዲስ ግጥሚያ ከፈተች። እሽቅድምድም የለም፤ አንድ አውቶቡስ ብቻ አለ፤ ማሸነፍ ማለትም አንድም ሰው ፌርማታ ላይ ሳይቀር ሁሉንም ማድረስ ነው። ሁለት ሰው ይመጣል ብዬ ነበር የጠበቅኩት። ስክሪኑ ሲበራ አፌን በእጄ ያዝኩ። ሰልፉ ፌርማታውን አልፎ፣ የመድኃኒት ቤቱን ጥግ ዞሮ፣ ድልድዩ ድረስ ሄዷል። ኮፍያ ያጠለቀ አለ፣ ጃንጥላ የያዘ አለ፣ አንዱ የዳክዬ ልብስ ለብሷል። ልጄ ገሚሱ ዘንድ ገና ንጋት ነው፣ ገሚሱ ዘንድ እየመሸ ነው አለችኝ። ያ ሁሉ ሰው የትም የማያደርስ አውቶቡስ ሊጠብቅ ከየሥራው ከየአልጋው ተነስቶ ዝናብ ላይ ተሰልፏል። ብዙ ነገር አይቻለሁ፣ እንዲህ ያለ ነገር ግን አላየሁም። መርፌው ውስጥ ክር ማስገባት አቃተኝ።

ባለቤቴም ሰው ሆነ። ቅዳሜ ጠዋት ጺሙን ይላጫል፤ ሸሚዙን እንድተኩስለት ያዛል፤ «አባባ ፍሬን» ሲሉት ይስቃል። ሆስፒታሉን ሳነሳበት ግን ሹፌር ምን ሕክምና ያስፈልገዋል ይለኛል። እንደ ድሮው ቢያኮርፍ በተሻለኝ። አሁን ማስረጃ አገኘ፤ ይሄን ሁሉ ሰው ሳላጋጭ አድርሼ የለም እንዴ ይላል። እውነትም አላጋጨም።

ያላጋጨበትን ምክንያት ያወቅኩት የወደቀ የሸሚዝ ቁልፍ ላነሳ ጎንበስ ብዬ ስነሳ ነው። ቀንድ አውጣ በግራ በኩል እየተሻገረች ነበር። አውቶቡሱ መጣ፤ በላይዋ ላይ ሄደ። ልጅቷ እንደ ጭስ አውቶቡሱን አሳልፋ በጀርባው ወጣች፣ ልብሷን አራገፈች፣ ሮጣ ቀጣዩ ፌርማታ ላይ ተሰለፈች። ትንሽ ቆይቶ የዳክዬው ልብስም እንዲሁ። ባለቤቴ ቀና ብሎ ያፏጫል።

ልጄን ወጥ ቤት ጠራኋት። አልካደችኝም። አዘጋጅ ከፈለገ ግጭትን ማጥፋት ይችላል፤ ያኔ መኪናና ሰው ሳይነካካ ይተላለፋል። በመጀመሪያው የአውቶቡስ ቀን አባቷ ሰው መታና አላየም፤ እሷም ፈጥና አጠፋችው። ተጫዋቾቹስ አልኳት። ሁሉም ያውቃሉ አለች። አንድም ሰው አልተናገረም። ቅዳሜ በመጣ ቁጥር በላያቸው ላይ እየነዳ፣ እነሱ ሲወርዱ እናመሰግናለን አባባ ይሉታል። ልቆጣ የገባሁት ሴትዮ ቆሜ ቀረሁ። የማላውቃቸው ሰዎች፣ ስማቸውን እንኳ የማልጠራቸው፣ ለእኔ ሰውዬ እንዲህ አድርገዋል።

ግን ሐኪሟ በዚያው ሳምንት ደውላ ነበር። ሰኞ ካልመጣ ከዚያ በኋላ ተስፋ አልሰጣችሁም ብላኛለች። ልጄን ግጭቱን አብሪው አልኳት። አለቀሰች። ልቡ ይሰበራል አለችኝ።

«ይሰበር» አልኳት። «ዓይኑ ከሚጨልም ልቡ ይሰበር። ልቡን እኔ አለሁለት።»

ቅዳሜ ልጄ ከመነሳታቸው በፊት ለሁሉም ተናገረች፤ ዛሬ ግጭት በርቷል አለች። አባቷ ድሮስ መቼ ተጋጨን ብሎ ሞተሩን አስነሳ። ዝናቡ ይወርዳል። ድልድዩን ተሻገረ፣ መድኃኒት ቤቱ ጋ ደረሰ። እኔ የስፌት መኪናዬን ጨብጬ ቆሜያለሁ። ቀንድ አውጣ በግራ በኩል መሻገሪያው ላይ ነበረች። አልሮጠችም፣ አላፈገፈገችም።

ድምፁ ትንሽ ነበር፣ ዕቃ ወለል ላይ እንደመውደቅ ያለ። ባለቤቴ ፍሬን ያዘ። ስክሪኑን ፊት ለፊት አየ፣ ምንም የለም። ከዚያ አንገቱን በሙሉ ወደ ግራ አዞረና መሬት ላይ የተኛችውን አያት።

«ከየት መጣች?» አለ።

«ቆማ ነበር አባዬ» አለች ልጄ።

«ድሮም እዚያ ትቆም ነበር?»

ቀንድ አውጣ ተነሳች፤ ጉልበቷን አራገፈች።

«ሁልጊዜ አባባ» አለች። «አያምም።»

እጁን ከመሪው ላይ አነሳ። ጭኑ ላይ አስቀመጠው። አለቀ፣ ገደልነው ብዬ አሰብኩ። ልሄድለት አንድ እርምጃ ስራመድ እጁን አንስቶ አስቆመኝ። ጉሮሮውን ጠረገ።

«ተተኪ ሹፌር አለ?»

ከማጉያው የሰዎች ትንፋሽ ይሰማል። ቀንድ አውጣ እኔ አለሁ፣ ግን ቀርፋፋ ነኝ አለች። ቀርፋፋ ጥሩ ነው አላት፤ ከዚያም እንደ መሥሪያ ቤቱ ወግ ድምፁን አስተካክሎ አስረከባት። ፍሬኑ ለስላሳ ነው፣ ቀድመሽ ንኪው። ድልድዩ ላይ ነፋስ ይገፋል። ሰማያዊው ፎቅ ጋ ያለው ፌርማታ በዛፍ ይሸፈናል፣ ሰው የለም ብለሽ አትለፊው። እዚህ ላይ ድምፁ ተሰበረ።

«ተሳፋሪዎቹ ጥሩ ሰዎች ናቸው» አለ። «ከሚገባኝ በላይ።»

«ተረክቤያለሁ አባባ» አለች።

በጨዋታው ውስጥ የሹፌሩን ወንበር ለቀቀላትና በአውቶቡሱ መስኮት በኩል ካለው የተሳፋሪ መቀመጫ ተቀመጠ። ልጄ ዓይኗን እየጠረገች አንዲት ቁልፍ ነካች፤ ዝናቡ ቆመ። ደመናው ተገለጠ። አውቶቡሱ ቀስ ብሎ ድልድዩ ላይ ወጣ፤ ከሥር ሰፊ ወንዝ አለ፣ ፀሐይ አርፎበት ዳር እስከ ዳር ያበራል። የተጫነው ሰው ሁሉ ጸጥ ብሎ ወደ አንድ ጎን ያያል። እኔም አየሁ። የልጆች መጫወቻ ነው እያልኩ ነበር እስካሁን፤ ፈጣሪዬ ይቅር ይበለኝ።

«ይሄ ወንዝ እዚህ ነበር?» አለ ባለቤቴ። በዚያ ድልድይ ላይ ቅዳሜ ቅዳሜ ስንቴ እንደተመላለሰ እሱ ነው የሚያውቀው። ሹፌር ወንዝ አያይም፣ መንገድ ነው የሚያየው።

ሰኞ ጠዋት የተተኮሰ ሸሚዝ ለብሶ ከእኔ በፊት በሩ ላይ ቆሞ ነበር። ፌርማታው ላይ ከሰው ጋር ተሰለፍን። አውቶቡሱ ከጥግ ሲታጠፍ ክንዴን ያዘኝና ወደ እኔ ዞረ፤ አንገቱን በሙሉ አዙሮ ነው ያየኝ።

«ስሚ» አለኝ። «ግራ ጎኔ አያይም። ደረጃ ላይ እሳሳታለሁ። ስፈራ እቆጣለሁ፣ አትመልሺልኝ። ጠዋት ጠዋት ይብስብኛል።»

በሩ ተከፈተ፤ ሰው እየገባ ነው። ከቦታው አልተነሳም፤ ዓይኔን እያየ ይጠብቃል።

«ተረክቤያለሁ» አልኩት።

ያኔ እግሩን አነሳ።