የቬሊቦርን መጽሐፍ ማን ወሰዳት?

ፕሮፌሰር ስፓሶዬ በወህኒ ቤቱ ስለ እስረኞች መብት ንግግር ሲያደርግ ቀልቡ ከመጻሕፍቱ መደርደሪያ ላይ ነበር። አሥራ አራት ዓመት የለፋበትን «የቅጣት ፍልስፍና» ሦስቱንም ቅጽ በስጦታ ልኮላቸዋል። ማን እንዳነበበው ለማወቅ ጓጉቷል።

ንግግሩን ጨርሶ ፈልጎ አገኘው። ከሽፋኑ ጀርባ የተለጠፈው፣ የተዋሱ ሰዎች ስም የሚሰፍርበት ወረቀት ባዶ ነው።

አጠገቡ የቬሊቦር መጽሐፍ ተሸጉጣለች፤ «ያላግባብ ለተፈረደበት» የምትል፣ ጠርዟ የተቦጫጨቀ ቀጭን መጽሐፍ። ወረቀቷ በስም ሞልቶ ሌላ ተቀጥሎበታል። ቬሊቦር አብረው ተማሪ ሳሉ ፈተና ላይ ከስፓሶዬ ይቀዳ የነበረ ሰው ነው። ስፓሶዬ በቅናት መጽሐፏን ካፖርቱ ውስጥ ከትቶ ወጣ፤ ሲወጣ ደግሞ የሚፈትሸው አልነበረም።

መኪናው ውስጥ ሆኖ ስህተት ሊፈልግባት ገለጣት። ያገኘው ስለ ይግባኝ በሚያወራው ምዕራፍ መካከል የገባች ብጣሽ ወረቀት ነው፦ «ቺካ ሚሎያ፣ ለማንም እንዳትሰጥብኝ። ይግባኜን ጽፌ አልጨረስኩም፤ የማስገቢያው ጊዜ ሰኞ ያበቃል። ራቶሚር።»

ዕለቱ ዓርብ ነበር። «ሌላ ቅጂ አያጡም» እያለ መንገዱ ላይ እስካለው ድልድይ ነዳ። እንደሌላቸው ያውቃል። ቬሊቦርን ረግሞ መኪናውን አዞረ፤ ለበር ጠባቂው «ባርኔጣ ረስቻለሁ» ብሎም ተመልሶ ገባ።

ራቶሚር፣ አርባ ዓመት ያለፈው ጎልማሳ፣ ጠረጴዛ ስር ተንበርክኮ መጽሐፏን ይፈልጋል። መጻሕፍቱን የሚጠብቀው፣ ሁሉም «ቺካ» (አጎት) የሚለው ሚሎያ፣ በስርቆት የታሰረ ሽማግሌ፣ ከስፓሶዬ ካፖርት የወጣችውን መጽሐፍ አየ።

«ፕሮፌሰር፣ እኔ እንኳ ከዚህ ቤት ሰርቄ አላውቅም።»

«ተሳስቼ ነው የያዝኳት።»

«እኔም ለዳኛው እንደዚሁ ነበር ያልኩት» አለና እስክሪብቶ ዘረጋለት። «ይዘው ወጥተዋል፣ መልሰዋል። እዚህ ላይ ስምዎን ይጻፉ።»

ስፓሶዬ ፊቱ ቀልቶ፣ ከአንድ ነፍሰ ገዳይ ስም ሥር ሙሉ ስሙን ጻፈ። ራቶሚር መጽሐፏን ተቀብሎ ቀና ሳይል መጻፉን ቀጠለ።

ቺካ ሚሎያ ወደ ሦስቱ ቅጾች ዞር አለ። የፕሮፌሰሩ ሁኔታ አሳዝኖታል።

«የእርስዎንም የሚያነብ አይጠፋም። ይግባኙ ካልተሳካለት ራቶሚር ገና ዘጠኝ ዓመት ይቀረዋል።»

ለአንድ አፍታ፣ ለአንድ አፍታ ብቻ፣ ስፓሶዬ ይግባኙ እንዳይሳካ ተመኘ።