የሚስተር አልሲድ ሁለተኛ ውሃ

ዩላሊ ጠርሙሱን ወደ ፀሐይ ከፍ አድርጋ ዘንበል አደረገችው። ቡናው እስከ ጠርሙሱ አንገት ወጣና ቀስ ብሎ ተመለሰ፤ በተመለሰበት መስታወት ላይም ቀላ ያለ መጋረጃ ትቶ ሄደ። መጋረጃው ቶሎ ቢጠፋ ኖሮ ሌላ ታስመጣ ነበር።

«ጨረስሽ?» አሉ ሚስተር አልሲድ፣ የማድ ቤታቸው መስኮት ላይ ክንዳቸውን አስደግፈው። «ወይስ እንደ በቅሎ ጥርሱንም ልታዪው ነው?»

«ያለፈው ቀጥኖ ነበራ!»

«ያቀጠንሽው አንቺ ነሽ። አንድ እጅ ቡና፣ ሦስት እጅ ውሃና ወተት ብዬሻለሁ። አንቺ ሾርባ ታደርጊውና እኔን ትወቅሻለሽ።»

ዩላሊ ቡሹን ነቅላ አሸተተች። ከቡና ጋር የሚደባለቅ የተቆላ ቺኮሪ ሥር፣ ጥቁር ስኳርና ዝናብ የመታው እንጨት ይሸታል። ዝም አለች። እሷ ዝም ካለች ወደደችው ማለት ነው፤ ሚስተር አልሲድም ይህን ስለሚያውቁ መስኮታቸውን በኩራት ዘጉ።

በኒው ኦርሊንስ በነሐሴ ትኩስ ቡና የሚጠጣ ሰው ወይ እንግዳ ነው ወይ ታሟል። የአገሩ ሰው ቡናውን በቀዝቃዛ ውሃ ዘፍዝፎ ያሳድራል፤ ጠዋት አጥልሎ ወፍራሙን በጠርሙስ ያስቀምጥና ሲያሰኘው በወተትና በበረዶ አቅጥኖ ይጠጣል። በየሱቁ ተደርድሮ የሚሸጥም አለ። ዩላሊ ሁሉንም ሞክራለች፤ አንዱ የተቃጠለ ቡሽ ቡሽ ይላል፣ ሌላውን የጠጣ የቆርቆሮ ክዳን ላሰ እንጂ ቡና ጠጣ አይባልም። የሚስተር አልሲድ ግን ሌላ ነበር። ከአያታቸው በወረሱት ገንቦ ይዘፈዝፉታል፣ በነጭ ሻሽ ያጠልሉታል፣ ለወደዱት ሰው ብቻ ይሸጡታል።

እሷም ብትሆን ለራሷ ብላ አይደለም ይህን ያህል የምትመራመረው። ባሏ ክሎቪስ ባለፈው ጸደይ የአንድ የማያውቀው ሟች ኩላሊት ተገጥሞለታል። ሰውነቱ እንግዳውን ኩላሊት አውቆ እንዳያባርረው በየቀኑ የሚውጠው መድኃኒት የሰውነቱን ዘበኞች አንድም ሳያስቀር አስተኝቷቸዋል። ዘበኛ ከተኛ ደግሞ ሌባው ትንሽ ሆነ ትልቅ ለውጥ የለውም። ሌላውን ሰው ሆዱን ቆርጦት የሚያልፍ ነገር ክሎቪስን ሊገድለው እንደሚችል ሐኪሞቹ በጨዋ አነጋገር ነግረዋታል። እናም ቢራውን ተወ፤ ጥሬ የባሕር ምግብ ተወ፤ ይህ በዚያ ከተማ ከሚስት ከመለየት አይተናነስም። የቀረችው ደስታ የጠዋት ቀዝቃዛ ቡናው ብቻ ናት። ዩላሊም «ካልቀረ የቀረው እንኳ ጥሩ ይሁንለት» ብላ ነው ጠርሙስ ወደ ፀሐይ የምታነሳው።

ያ ቀን ሰኞ ነበር። ቀትር ላይ የሰፈሩ ስልክ ሁሉ ባንዴ ጮኸ። ጎህ ሲቀድ በውሃ ፓምፕ ጣቢያው መብራት ጠፍቶ ኖሯል፤ የውሃው ግፊት ወርዷል፤ ግፊት ሲወርድ ደግሞ በአሮጌው ቧንቧ ስንጥቅ የምድሩ ቆሻሻ ሊሰርግ ይችላል። ስለዚህ ምርመራው እስኪያልቅ አፍልታችሁ ጠጡ ይላል መልእክቱ። የከተማው ሰው ይህን ማስታወቂያ እንደ ዝናብ ለምዶታል፤ ይሳደባል፣ ድስት ይጥዳል።

ዩላሊም ሸርጣን የምትቀቅልበትን ጎላ ድስት ጣደች። በማቀዝቀዣው ያለውን በረዶ ደፋች። ክሎቪስ ረስቶ እንዳይከፍት በመታጠቢያ ቤቱ ቧንቧ ላይ ቀይ ጨርቅ አሰረች። በበሩም ቆማ፣

«ገላህን ስትታጠብ አፍህን ዝጋ። እንዳትዘፍን» አለችው።

«ሳልዘፍን ታጥቤ አላውቅም።»

«ዛሬ ታጠብ። ዝማሬህ ቀረብኝ የሚል የለም።»

ቡናውንም በጥንቃቄ ነበር ያቀረበችለት፤ ውሃው ከታሸገ ጠርሙስ፣ በረዶው ከሱቅ፣ ወተቱ ከእሽጉ። ሰኞ ከሰዓት አንድ ብርጭቆ፣ ማክሰኞ ጠዋት ሌላ። ክሎቪስ ግጥም አድርጎ ጠጥቶ ከንፈሩን ላሰ።

ማክሰኞ ረፋድ ላይ እህቱ ኦዴት የታሸገ ውሃ ተሸክማ እያለከለከች መጣችና በረንዳው ወንበር ላይ ተዘረገፈች።

«ለእኔም ከዚያ ቡና አድርጊልኝ፣ አንቺ ሴት። ውሃው ፈልቷል አይደል?»

«የታሸገ ነው። በረዶውም የተገዛ ነው» አለች ዩላሊ ብርጭቆ እያጠበች። «ቡናውማ ቡና ነው፤ አንዴ የፈላ።»

ኦዴት ሳቀች። «የማን ቡና ነው የፈላው? የአልሲድ? አልሲድ እኮ ሚስቱ ከሞተች ወዲህ ምድጃ ለኩሶ አያውቅም! እንቁላሉን እንኳ የሚጠብስለት ጎረ...»

የዩላሊን ፊት አይታ ሳቋን አጋማሹ ላይ ዋጠችው።

ቡናው በቀዝቃዛ ውሃ እንደሚዘፈዘፍ ዩላሊ ሳታውቅ ቀርታ አይደለም። ለዚያ ብላ ነው የምትገዛው። ነገር ግን በልጅነቷ ጎርፍ በመጣ ቁጥር እናቷ «ውሃው ተበላሽቷል፣ ቡና ጠጡ» ትል ነበር፤ ቡና ማለት የፈላ ማለት ነበርና። ምላሷ ከቀዝቃዛው ጋር ዕድሜ ልኳን ስትኖር፣ ጭንቅላቷ ግን የእናቷን ሕግ ይዞ ቀርቷል። ያልጠረጠረ ተመነጠረ። ቧንቧ ያሰረች፣ በረዶ የደፋች፣ የባሏን አፍ የዘጋች ሴት፣ ያንኑ የቧንቧ ውሃ ጠርሙስ መርጣ፣ አሽትታ፣ በእጇ አጠጣችው።

ከውስጥ የክሎቪስ ብርጭቆ ተሰማ፤ የቀረችውን በረዶ እያንቃጨለ ነበር። ዩላሊ የምታጥበውን ብርጭቆ አስቀመጠች።

«እስኪ ቁጭ ብለሽ ጠብቂው» አለቻት ለኦዴት በሹክሹክታ። «ምንም እንዳትነግሪው።»

«ላሊ፣ ወዴት ነሽ?» አለ ክሎቪስ።

«ሽንኩርት አልቆብኛል!»

ሚስተር አልሲድ መስኮታቸው ላይ ነበሩ። ዩላሊ ላቧን ሳትጠርግ፣ «ያን ቡና በምን ውሃ ነው የዘፈዘፉት?» አለች።

«በቧንቧው ነዋ፣ በወንዙ ውሃ! በታሸገ ውሃ ቡና የሚዘፈዝፈው የሂዩስተን ሰው ነው።»

«መቼ? መቼ ነው የዘፈዘፉት?»

«እሑድ፣ ከቤተ ክርስቲያን መልስ። ምነው፣ ዛሬ ደግሞ ልደቱን ልታከብሪለት ነው?»

እሑድ ውሃው ደህና ነበር። መብራቱ የጠፋው ሰኞ ጎህ ሲቀድ ነው። ዩላሊ መስኮቱን ይዛ መሳቅ ጀመረች፤ እንባዋም መጣ። ሽማግሌው ሳቋን አድናቆት መስሏቸው ሙያቸውን መተንተን ቀጠሉ።

«ሌላው ሰው አንዴ አጥልሎ አተላውን ይደፋል። ሞኝ! እኔ ጠዋት ካጠለልኩ በኋላ አተላውን በሁለተኛ ውሃ አጥበውና ከመጀመሪያው ጋር እቀላቅለዋለሁ። ጣዕሙ ያለው እዚያ ላይ ነው። ሰኞማ መከራዬን በላሁ፤ ውሃው እንደ ክር ቀጥኖ፣ እየቆመ እየመጣ... ማሰሮ እስኪሞላ ፀሐይ ወጣች።»

የዩላሊ ሳቅ ቆመ።

እሳቸውም የተናገሩትን ጆሯቸው ዘግይቶ ሰማው።  ከዚያ በቀስታ፣ «እኔም ጠጥቻለሁ እኮ። ምንም አልሆንኩም» አሉ።

«እርስዎ ያለዎት የራስዎ ኩላሊት ነው፣ ሚስተር አልሲድ።»

ሽማግሌው ከመስኮቱ ዘወር አሉ። ባርኔጣቸውን አንስተው ወጡ። «ሚስ ኦፊሊያ ከዚያው ቡና ወስዳለች» አሉ ለራሳቸው። «አራሷም ወስዳለች።» መንገዱን ተሻግረው የመጀመሪያውን በር ደበደቡ።

ለክሎቪስ መንገር ግድ ነበር። ዩላሊ ቴሌቪዥኑን አጥፍታ ሁሉንም ነገረችው። ኦዴት ጥግ ቆማ መቁጠሪያዋን ትቆጥራለች። ክሎቪስ እስክትጨርስ አላቋረጣትም፤ ባዶውን ብርጭቆ ብቻ፣ እንደሚያቃጥል ዕቃ፣ በጣቱ ጫፍ ገፋ አደረገው።

«ሽንኩርቱስ?» አለ በመጨረሻ።

«ምን ሽንኩርት?»

«እሱም ውሸት ነበር ማለት ነው» አለ። ከዚያ ወዲያ አልቀለደም። ዩላሊን ያስፈራት ይሄ ነበር። ኩላሊቱ ሲሞት የቀለደ፣ ሆዱ ሲቀደድ የቀለደ ሰው ነው።

ለሆስፒታሉ ነርስ ደወለች። እንደምትስቅባት ጠብቃ ነበር፤ ብትስቅባት በወደደች። ነርሷ ግን አልሳቀችም። «ጠርሙሱን እንዳትደፊው» አለች ረጋ ብላ። «ትኩሳት ወይም ብርድ ብርድ ካለው ደግመሽ አትደውዪ። ይዘሽው ነይ።»

ያን ቀን ክሎቪስ የሙቀት መለኪያ በአፉ ይዞ ዋለ ማለት ይቻላል። ዩላሊ እያወጣች ታያለች፣ ጠርጋ ትመልሳለች። ምንም የለም። ረቡዕ ጠዋትም ምንም የለም። ኦዴት «አየሽ? የአልሲድን ቡና ጀርምም አይደፍረው» ብላ ልታስቃቸው ሞከረች። ክሎቪስ ፈገግ አለ፤ ዩላሊም እንቁላል ጠበሰች።

ቀትር ላይ፣ በረንዳው ላይ ድመቷ እንኳ ከሙቀቱ የተነሳ ምላሷን አውጥታ ተዘርራ ሳለ፣ ክሎቪስ ከሶፋው ቀና አለ።

«ላሊ» አለ። «እስኪ ብርድ ልብስ ስጪኝ።»

የፈሩት ይደርሳል ይላሉ። ዩላሊ ብርድ ልብሱን ስታለብሰው ጥርሱ ሲንገጫገጭ ሰማች። መለኪያውን አላወጣችም፤ የመኪናውን ቁልፍ አወጣች። ጠርሙሱን በፎጣ ጠቅልላ ጉልበቷ ላይ አስቀመጠች፤ ኦዴት ነዳች። በየመብራቱ ቆመው ሲጠብቁ በፎጣው ውስጥ ቡናው ይዋኝ ነበር።

ወጣቱ ሐኪም ምን በላ፣ ምን ጠጣ ብሎ ጠየቃት። ሁሉንም ነገረችው፤ ሁለተኛውን ውሃ ሳይቀር። ሐኪሙ ጓንት አጥልቆ ጠርሙሱን በሁለት ጣቱ ተቀበላት። ጠዋት ጠዋት ስታሸተው የኖረችውን ነገር በጓንት ያዘው። ክሎቪስን እየገፉ ወሰዱት፤ በሩ ተዘጋ።

ሚስተር አልሲድ ባርኔጣቸውን ደረታቸው ላይ ይዘው ወደ መጠበቂያው ክፍል ሲገቡ ኦዴት ፊቷን አዞረች። እሳቸውም ቀና ብለው ሊጠይቁ አልደፈሩም። ዩላሊ ለረጅም ጊዜ ተመለከተቻቸው። ከዚያ ቦርሳዋን ከጎኗ ካለው ወንበር አነሳች። ተቀመጡ።

«ሁሉንም ሰበሰብኩ» አሉ ወለሉን እያዩ። «ሰው ሁሉ ደህና ነው። ሚስ ኦፊሊያ ጠርሙሱን አልሰጥም ብላ በከዘራ ታገለችኝ። ገንቦውንም...»

«ዝም ይበሉ፣ ሚስተር አልሲድ።»

ባርኔጣቸውን ጉልበታቸው ላይ አኖሩ።

ትንሽ ቆይቶ በክፍሉ ያለው ስልክ ሁሉ አንድ ላይ ጮኸ። ናሙናው ንጹሕ ሆኖ ተገኝቷል፣ ውሃውን ሳታፈሉ ጠጡ ይላል። አንድ ሰውዬ አጨበጨበ። ሚስተር አልሲድ ቀና አሉ፤ ዓይናቸው ውስጥ ተስፋ ነበር። «ንጹሕ ነው ይላል፣ የኔ ልጅ። ንጹሕ ነበር ማለት ነው።»

ዩላሊ ግን ከመቼውም ይልቅ ቀዘቀዘች። «ንጹሕ ከነበረ ለምንድን ነው የሚንቀጠቀጠው?»

መልሱን ታውቀዋለች። ሐኪሞቹ ገና በጸደይ ነግረዋታል፤ ሰውነቱ ከነቃና እንግዳውን ካወቀው፣ ትኩሳቱ የጀርም ሳይሆን ኩላሊቱን የማባረር ነው። ለጀርም መድኃኒት አለው። ኩላሊቱ ከተባረረ ግን ዳግመኛ ደም የሚያጥበው ማሽን፣ ዳግመኛ ወረፋ፣ ዳግመኛ የማያውቁት ሰው እስኪሞት መጠበቅ ነው፤ ክሎቪስ ደግሞ ያንን ሁለተኛ አልችልም ብሏታል። ዩላሊ ዓይኗን ጨፈነች። ከማክሰኞ ጀምሮ «አምላኬ፣ ቡናው አይሁን» ስትል የነበረችው ሴት፣ አሁን ከንፈሯ በሌላ ጸሎት ይንቀሳቀስ ጀመር፤ «አምላኬ፣ ቡናው ይሁን። እባክህ ቡናው ይሁን።» ከጎኗ ያሉት ሽማግሌ ምን እየለመነችባቸው እንደሆነ አላወቁም፤ አብረዋት አሜን አሉ።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ወጣቱ ሐኪም ወጣ። ሦስቱም ተነሱ።

«ኢንፌክሽን ነው» አለ። «የሆድ ጀርም ነው። ከጠርሙሱ ይሁን ከሌላ፣ ላናውቅ እንችላለን። መድኃኒት ጀምረንለታል። ቶሎ መምጣታችሁ በጀ።»

«ኩላሊቱስ?»

«ኩላሊቱ እየሠራ ነው።»

ዩላሊ ሚስተር አልሲድን አንገታቸው ላይ ተጠመጠመችባቸው። «ጀርም ነው!» ትላለች እያለቀሰች። «ሰሙ ሚስተር አልሲድ? ጀርም ነው! ተመስገን!»

ሽማግሌው ባርኔጣቸውን ይዘው በእቅፏ ውስጥ ቆሙ። ይዘኑ ወይስ ይደሰቱ ግራ ገብቷቸው ጀርባዋን መታ መታ አደረጉ። «ተመስገን» አሉ በመጨረሻ፣ ወንጀላቸው እንደ ምሥራች ሲነገር እየሰሙ።

ክሎቪስ ነጭ አንሶላ ላይ ትንሽ ሆኖ ተኝቷል። በክንዱ የሚንጠባጠበው መድኃኒት ትኩሳቱን ገና አላወረደለትም፤ ከንፈሩ ተሰነጣጥቋል። ነርሷ አዲስ የታሸገ ውሃ ይዛ መጣች፤ ፊታቸው ከፍታ በኩባያ ቀዳችለት።

«ስጪኝ፣ ላሊ» አለ።

ዩላሊ ኩባያውን ከነርሷ ተቀብላ አሸተተችው፤ ምንም አይሸትም። ወደ መብራቱ አነሳችው፤ ምንም አይታይም። ለሰኞውም ጠርሙስ እንዲሁ ነበር ያደረገችው። እጇ ወደ ክሎቪስ አልሄድ አላት።

«ላሊ፣ ጠማኝ እኮ።»

ኩባያውን ወደ ራሷ አፍ ወስዳ እንደ ንጉሥ ቀማሽ ተጎነጨች። የጠጣችው ነገር እሷን ምንም እንደማያደርጋት፣ ይህም ስለ እሱ አንዳች እንደማይነግራት ታውቃለች። ቢሆንም ኩባያውን ደረቷ ላይ ይዛ፣ ዓይኗን ከክሎቪስ ከንፈር ሳትነቅል፣ ጠበቀች።